ሳይጠየቁ የተሰናበቱ መምህራን

በዋግ ደጋ፣ በአምደወርቅም ሆነ በሰቆጣ፣ ሽማግሌ ለነገር ሲቀመጥ በመጀመሪያ የሚያደርገው ለከሳሽና ለተከሳሽ የመናገሪያ ተራ መስጠት ነው። የቀድሞው የአገራችን ሙግት በበላ ልበልሃ ሲካሄድ የኖረው፣ ፍትሐ ነገሥቱም ዳኛ የሁለቱን ወገን ቃል ሳይሰማ እንዳይፈርድ የሚያስተምረው በዚሁ መሠረት ነው። በእርሻ ድንበር ለተጣላ ገበሬ የማይነፈገው ይህ ተራ፣ በ1985 ዓ.ም. ከ40 ለሚበልጡ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ሳይሰጥ ቀርቷል። ይህ ጽሑፍ የሚመረምረውም የዚህን ድርጊት አመጣጥና ለሙያችን ያስተማረውን ነው።

አስቀድሞ አንድ ነገር ግልጽ መሆን አለበት። ያጠፋ መምህር አይሰናበት የሚል ክርክር ከማኅበራችን አባላት መካከል የሚያነሣ ይኖራል ተብሎ አይገመትም። ውጤት በገንዘብ የሚሸጥ፣ ተማሪን በሥልጣኑ አስፈራርቶ የሚደፍር፣ የሌላውን የምርምር ሥራ የራሱ አስመስሎ የሚያሳትም መምህር ከማስተማሪያው ክፍል መውጣት ይገባዋል። ጥያቄው ጥፋቱ መኖሩን ማን፣ በምን ማስረጃና በምን ሥርዓት ይወስናል የሚለው ነው።

በአገራችን ይህ ጥያቄ ከዘመናዊ ከፍተኛ ትምህርት ጋር አብሮ ያደገ ነው። በ1943 ዓ.ም. የተከፈተው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ፣ በ1953 ዓ.ም. በወጣው ቻርተር መሠረት፣ ከሌሎች ኮሌጆች ጋር ተጣምሮ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ሆነ። ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ቻንስለር ስለነበሩ የተቋሙ ነጻነት በዙፋኑ ጥላ ሥር ነበር፤ ሆኖም ቻርተሩ ዩኒቨርሲቲውን የሕግ ሰውነት ያለው ተቋም በማድረጉ፣ የትምህርት ጉዳይ በመምህራን ጉባኤ የሚታይበት ልማድ ተጀመረ። በ1954 ዓ.ም. ደግሞ የማዕከላዊ ፐርሶኔል ኤጀንሲ ተቋቁሞ የመንግሥት ሠራተኛ የሚቀጠርበትና የሚቀጣበት ሥርዓት በጽሑፍ መደንገግ ያዘ።

ከ1966 ዓ.ም. ለውጥ በኋላ ነገሩ ሌላ መልክ ያዘ። በ1969 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 109 ወጥቶ የከፍተኛ ትምህርት ተቋማት በአንድ ኮሚሽን ሥር ተጠቃለሉ። በዚያ የቀይ ሽብር ዘመን ግን መምህር ከሥራው ብቻ ሳይሆን ከነጻነቱና ከሕይወቱም ያለ ክስ ይለይ ስለነበር፣ የሥነ ሥርዓት ደንብ የሚጠይቅ ሰው እምብዛም አልነበረም። የመሰናበት ጥያቄ በትልቁ የሞትና የሽረት ጥያቄ ተውጦ ቆየ።

በ1983 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ የሽግግሩ ቻርተር የሰብአዊ መብቶችን ዓለም አቀፍ መግለጫ በመቀበሉ፣ በመምህራኑ ዘንድ ትልቅ ተስፋ አደረ። ተስፋው ብዙ አልቆየም። ታኅሣሥ 26 ቀን 1985 ዓ.ም. ተማሪዎች የኤርትራን ሕዝበ ውሳኔ በመቃወም፣ የተባበሩት መንግሥታት ዋና ጸሐፊ ቡትሮስ ቡትሮስ ጋሊ ለጉብኝት በመጡበት ጊዜ ሰልፍ ወጡ። የጸጥታ ኃይሎች ተኩስ ከፍተው የሰው ሕይወት ጠፋ፤ ዩኒቨርሲቲውም ተዘጋ፤ አመራሩ ተለወጠ። ከጥቂት ወራት በኋላ፣ በሚያዝያ ወር፣ ከ40 የሚበልጡ መምህራን የስንብት ደብዳቤ ደረሳቸው።

ከእነዚህ መካከል የዩኒቨርሲቲው ፕሬዚዳንት የነበሩት ዶክተር ዓለማየሁ ተፈራ፣ የቀዶ ሕክምና ሊቁ ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ፣ እንዲሁም የኢትዮጵያ መምህራን ማኅበር ፕሬዚዳንት የነበሩት ዶክተር ታዬ ወልደሰማያት ይገኙበታል። አንዳንዶቹ የታወቁ የመንግሥት ተቺዎች ነበሩ፤ ፕሮፌሰር አሥራትም የፖለቲካ ድርጅት መሪ ነበሩ። ይህ ጥፋት ነው ከተባለ ክሱ ተጽፎ፣ ተከሳሹ መልስ ሰጥቶ፣ ባልደረቦቹ ባሉበት ሊመረመር ይገባ ነበር። ይህ አልተደረገም።

የነገሩ ከባድነት እዚህ ላይ ነው። መምህሩ በክስ ቢሰናበት ክሱን ማፍረስ ይችላል፤ ምስክር ይጠራል፤ ይግባኝ ይላል። ያለ ክስ ሲሰናበት ግን የሚያፈርሰው ነገር የለውም። በውል የሚቀጠር መምህር ደግሞ ይበልጥ የተጋለጠ ነው፤ አሠሪው ጥፋቱን ገልጾ የማስረዳት ሸክም ከመሸከም ይልቅ «ውልህን አላድስም» ማለት ይቀለዋልና። በዚህ ዓይነት የሥነ ሥርዓት ደንቡ ሳይሻር ይታለፋል።

ከዚያ ወዲህ ሕጉ ጽሑፉን አስፍቷል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ አካል የማቅረብ መብት እንዳለው ደነገገ። የ1995ቱ አዋጅ ቁጥር 351፣ የ2001ዱ አዋጅ ቁጥር 650፣ የ2011ዱም አዋጅ ቁጥር 1152 ስለ ከፍተኛ ትምህርትና ስለ አካዳሚያዊ ነጻነት የየራሳቸውን ድንጋጌ ይዘው ወጡ። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515ም ቅጣቶችን ከቃል ማስጠንቀቂያ እስከ ስንብት በደረጃ ዘርዝሮ፣ በአስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ የሚባልበትን መንገድ አኑሮ ነበር። ዩኔስኮም በ1990 ዓ.ም. ስለ ከፍተኛ ትምህርት መምህራን ባወጣው የውሳኔ ሐሳብ፣ መምህር በቂ ምክንያት በገለልተኛ አካል ፊት ሳይረጋገጥበት እንዳይቀጣ መክሯል።

ነገር ግን ደንብ በወረቀት ላይ መኖሩ ብቻ መምህሩን አያድንም። የ1985ቱ መምህራን ከዚያ በኋላ የተበተኑበት መንገድ ይህን ይመሰክራል፤ ፕሮፌሰር አሥራት ታስረው ቆይተው በ1991 ዓ.ም. በውጭ አገር አረፉ፤ ዶክተር ታዬም ለስድስት ዓመት ያህል በእስር ቆይተው በ1994 ዓ.ም. ተፈቱ። ዩኒቨርሲቲው በበኩሉ ለብዙ ዓመታት ያካበተውን ልምድ በአንድ ቀን ደብዳቤ አጥቷል፤ ከሁሉ የሚከፋው ግን የቀሩት መምህራን ዝምታን መማራቸው ነው።

ስለዚህ እያንዳንዱ አባል የተቋሙን የሥነ ሥርዓት ደንብ በእጁ ይዞ አራት ነገሮችን መጠየቅ ይገባዋል፤ ክሱ በጽሑፍ ደረሰን? መልስ የመስጫ ጊዜ ተሰጠን? ውሳኔው ምክንያቱን ገለጸን? ይግባኝስ ለማን ይባላል? ጥያቄው ለወዳጅ ብቻ ሳይሆን ለምንጠላው ባልደረባም መነሣት አለበት። የዋግ ሽማግሌ ተራ ሲሰጥ ተከሳሹ ዘመዱ ነው ወይስ ባላንጣው ብሎ እንደማይለይ ሁሉ፣ ማኅበራችንም እንዲሁ ሊያደርግ ይገባል።