ታሪካቸውን ለባዕድ ካሜራ ያልተዉት ኃይሌ ገሪማ

እ.ኤ.አ. በ1974 የንጉሠ ነገሥቱ ዙፋን በአብዮት ሲናጥ፣ ሎስ አንጀለስ በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም የሚማሩ አንድ ጎንደሬ ወጣት አገራቸው ገብተው ገጠር ውስጥ ካሜራ ተከሉ። ቀረጻው ሁለት ሳምንት ያህል ብቻ ፈጀ። ተዋንያኑ በሙያው የሠለጠኑ አልነበሩም። ውጤቱም በ1976 ለዕይታ የበቃው ጥቁርና ነጭ ፊልም፣ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ሆነ።

ሁለት ሰዓት ተኩል የሚፈጀው ይህ ፊልም አይቸኩልም። ጭሰኛው ሲያርስ ተመልካቹ ሞፈሩን ተከትሎ ትልሙን እስከ ዳር ይሄዳል፤ ባለርስቱ ደግሞ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ያዛል። ከጣሊያን ጋር ተዋግቶ ሲመለስ መሬቱን የተነጠቀው ከበበ፣ «እብድ» እየተባለ እውነቱን ሁሉ ይናገራል። ፊልሙ ሲወጣ የገጠር መሬት አዋጅ ታውጆ ጭሰኝነት በሕግ ቀርቷል። ቢሆንም ማሳዎች ለፋብሪካና ለመኖሪያ ቤት በተሰጡባቸው በሰበታ፣ በቡራዩና በሱሉልታ ያደገ ተመልካች ጥያቄውን ዛሬም ያውቀዋል፦ ገበሬው ባረሰው መሬት ላይ ምን ያህል ሥልጣን አለው?

ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ የ«ጎንደሬ በጋሻው» ደራሲ፣ አርበኛና የትያትር ሰው ነበሩ፤ ልጅየውም መድረክን የለመዱት በአባታቸው ትያትር ነው። በ1960ዎቹ መጨረሻ ትያትር ሊማሩ ቺካጎ ሄዱ፤ ኋላም ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው እንደ ቻርልስ በርኔት ካሉ ጥቁር አሜሪካውያን ፊልም ሠሪዎች ጋር ተቀላቀሉ። «ቡሽ ማማ» የተሰኘው ፊልማቸው መግቢያ ላይ ፖሊሶች የቀረጻ ባልደረቦቻቸውን አስቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ትዕይንቱ ትወና አይደለም፤ በእርግጥ የደረሰ ነው።

ከዚያ በኋላ ያልሞከሩት መስክ ጥቂት ነው። ስለ አሜሪካዋ ዊልሚንግተን ከተማ እስረኞች ዘጋቢ ፊልም፣ ከቬትናም ጦርነት ስለተመለሰ ወታደር «አሽስ ኤንድ ኤምበርስ»፣ በ1999 ደግሞ ስለ ዓድዋ ድል ሠሩ። ድርሰቱንም፣ ዝግጅቱንም፣ ኤዲቲንጉንም ራሳቸው ያዙ። ከ1975 ጀምሮ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለአሥርት ዓመታት አስተማሩ።

ትልቁ ፈተና በ1993 ከ«ሳንኮፋ» ጋር መጣ። የባርነትን ዘመን የሚያሳየውን ፊልም የአሜሪካ አከፋፋዮች አንወስድም አሉ። ኃይሌና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት፤ የጥቁር ማኅበረሰቡም ከከተማ ከተማ ተቀባበለው። በ1997 በዋሽንግተን፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ በፊልሙ ስም የመጻሕፍትና የቪዲዮ መደብር ከፈቱ።

የደርግን ዘመን የሚዳስሰው «ጤዛ» በ2008 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን፣ በዓመቱም በዋጋዱጉ የፌስፓኮ ፊልም ፌስቲቫልን ታላቅ ሽልማት ወሰደ። ከጀርመን ተምሮ የተመለሰው አንበርብር የሚኖረው በሁለት ስደት መካከል ነው፦ በባዕድ አገር ባይተዋር፣ በገዛ መንደሩም እንግዳ።

አከፋፋዮች የገፉት «ሳንኮፋ» ከ28 ዓመት በኋላ፣ በ2021፣ በዳይሬክተሯ አቫ ዱቨርኔይ ኩባንያ በኩል በኔትፍሊክስ ቀረበ።