በአቴንስ ድምፅ የተሸነፈው ሐውልት

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው ክፍለ ዘመን፣ በአቴንስ ከአንድ መምህር እግር ሥር የተማሩ ሁለት ቀራፂዎች ተፎካከሩ። መምህራቸው ፊዲያስ ነበር፤ በፓርቴኖን ቤተ መቅደስ የቆመውን፣ ከወርቅና ከዝሆን ጥርስ የተሠራውን የአቴና ግዙፍ ሐውልት ያበጀው ሰው። ከደቀ መዛሙርቱ አልካሜኔስ የአቴንስ ልጅ ሲሆን፣ አጎራክሪቶስ ግን በእብነ በረዷ ከምትታወቀው ከፓሮስ ደሴት የመጣ የውጭ ሰው ነበር።

ሮማዊው ጸሐፊ ትልቁ ፕሊኒ እንደሚተርከው፣ ሁለቱ የፍቅርን አምላክ የአፍሮዳይትን ሐውልት በመሥራት ተወዳደሩ። አልካሜኔስ አሸነፈ። ድሉን ያስገኘለት ግን የሥራው ብልጫ ሳይሆን፣ ባዕዱን ትተው ለወገናቸው ያደሉት የከተማዋ ሰዎች ድምፅ እንደሆነ ፕሊኒ ይናገራል። አጎራክሪቶስም ሐውልቱን የሸጠው በአቴንስ እንዳይቆም ውል አስገብቶ ነው፤ ትዕቢተኞችን በምትቀጣው አምላክ ስምም ኔመሲስ ብሎ ሰየመው። ሐውልቱ በራምኑስ ቆመ። ሮማዊው ሊቅ ቫሮ ከሐውልቶች ሁሉ ያስበልጠው ነበር።

ታሪኩ ቢያምርም ጥያቄ ያስነሣል። ከማራቶን በስተሰሜን በባሕር ዳርቻ የምትገኘው ራምኑስ ራሷ በአቴንስ ግዛት ውስጥ የነበረች ቀበሌ ናት፤ ቂመኛው ቀራፂ ሐውልቱን ብዙም አላራቀውም ማለት ነው። በ2ኛው ክፍለ ዘመን ከክርስቶስ ልደት በኋላ ስለ ቦታው የጻፈው ግሪካዊው ፓውሳንያስ ደግሞ ስለ ውድድሩ አንዳች ሳያነሣ፣ ሐውልቱን የፊዲያስ ሥራ ያደርገዋል። እብነ በረዱንም ፋርሶች ከክርስቶስ ልደት በፊት በ490 ወደ ማራቶን ሲዘምቱ፣ ድሉ የእነርሱ እንደሆነ ቆጥረው መታሰቢያ ሊያቆሙበት ያመጡት ነው ይላል። ትዕቢትን ለምትቀጣ አምላክ ከዚህ የሚስማማ ድንጋይ ከየት ይገኛል?

ሌላ ጥንታዊ ምስክርነት ግን አምላኳ በያዘችው የፖም ቅርንጫፍ ላይ የፓሮሱ አጎራክሪቶስ ስም የተጻፈበት ትንሽ ሰሌዳ ተንጠልጥሎ እንደነበር ይገልጻል። ፊዲያስ ብዙ ሥራዎቹን በዚህ ተወዳጅ ደቀ መዝሙሩ ስም እንዲጠሩ ፈቅዷል የሚል ወሬም ነበር። ዛሬ አብዛኞቹ አጥኚዎች ሐውልቱን ለአጎራክሪቶስ ይሰጣሉ። ፖም የአፍሮዳይት ምልክት ስለሆነም፣ የስም ለውጡ ትረካ ከዚሁ ቅርንጫፍ ሳይወለድ አይቀርም።

በሌላው እጇ ጽዋ ነበር፤ በጽዋው ላይ የተቀረጹት ደግሞ ኢትዮጵያውያን ናቸው። ፓውሳንያስ ምክንያቱን መገመት አቅቶት፣ የሌሎችንም ማብራሪያ ሳይቀበል ያልፋል። እርግጥ ግሪኮች በዚያ ዘመን በዚህ ስም የሚጠሩት የዛሬዋን አገር ሕዝብ ለይተው ሳይሆን፣ ከግብፅ በስተደቡብ የሚኖሩትን ጥቁር ሕዝቦች በጠቅላላ ነበር።

አሸናፊው አልካሜኔስም ታላቅ ባለሙያ እንደነበር አይካድም። የሮማው ተናጋሪ ሲሴሮ፣ አልካሜኔስ በአቴንስ ያቆመው የአንጥረኛው አምላክ የሄፌስተስ ሐውልት አንካሳነቱ ከልብሱ ሥር በጥቂቱ ብቻ እየታየ ሳያስነውረው መቅረቱን አድንቋል። ዛሬ ያ ሐውልት የለም።

ኔመሲስም ተሰባብራለች። የራሷ ስባሪ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ተገኝቶ በለንደኑ የብሪታንያ ሙዚየም ይገኛል። ግሪካዊው የሥነ ቅርስ ሊቅ ዮርጎስ ዴስፒኒስ በራምኑስ የተገኙ በርካታ ስብርባሪዎችን ለይቶ እ.አ.አ. በ1971 ጥናቱን ሲያሳትም፣ ሐውልቱ 3 ሜትር ተኩል ገደማ ቁመት እንደነበረውና ሮማውያን የቀረጿቸው ግልባጮቹም የትኞቹ እንደሆኑ ታወቀ። ስብርባሪዎቹ የፓሮስ እብነ በረድ ናቸው።