ሽመል

ሽመል ወይም የቆላ ቀርከሃ (ሳይንሳዊ ስሙ፦ ኦክሲተናንቴራ አቢሲኒካ) በኢትዮጵያ በተፈጥሮ ከሚበቅሉት ሁለት የቀርከሃ ዝርያዎች አንዱ ነው። እንደ ጤፍ፣ ማሽላና ሸንኮራ አገዳ በሣር አስተኔ ውስጥ ይመደባል። በተለይ በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል በብዛት ይገኛል። በአሶሳና በአካባቢዋ በጫካም በየግቢውም የሚታይ ተክል ነው።

ተክሉን መጀመሪያ በሳይንስ የገለጸው ፈረንሳዊው የዕፅዋት ሊቅ አሺል ሪሻር ሲሆን፣ የአሁኑን ስም ያወጣለት እንግሊዛዊው ዊሊያም መንሮ በ1868 እ.ኤ.አ. ነው። በአማርኛ «ሽመል» የዱላም ስም ነው።

የተክሉ ባሕርይና ጠባይ

የሽመል ዋና መለያ አገዳው ነው። ሲቆረጥ ውስጡ ድፍን ወይም እጅግ ጠባብ ቀዳዳ ያለው ሆኖ ይገኛል። ቁመቱ አብዛኛውን ጊዜ ከ3 እስከ 10 ሜትር፣ ውፍረቱ ከ3 እስከ 10 ሳንቲ ሜትር ይደርሳል። አገዳዎቹ በአንድ እግር ተጠጋግተው ይቆማሉ። የቅጠሉ ጫፍ ሹል ነው። አበባው በአንጓዎቹ ላይ እንደ እሾሃማ ኳስ ተሰብስቦ ይወጣል።

ሁለተኛው አገር በቀል ዝርያ የደጋ ቀርከሃ ነው። እርሱ ከ2,200 ሜትር በላይ ባሉ ቀዝቃዛ ቦታዎች ይበቅላል፤ አገዳው ውስጡ ባዶ ነው፤ ቁመቱም ይበልጣል። በእንጅባራ፣ በሲዳማና በሸካ ደጋማ ቦታዎች ይታወቃል። በሆቴሎችና በመናፈሻዎች ለጌጥ የሚተከለው፣ ቢጫ አገዳው አረንጓዴ መስመር ያለበት ቀርከሃ ደግሞ ከውጭ የመጣ ነው፤ እርሱም ውስጡ ባዶ ስለሆነ ከሽመል በቀላሉ ይለያል።

በብዛት የሚገኝበት መልክዓ ምድር

ሽመል ሞቃታማ ቆላና ዝቅተኛ ወይና ደጋ ይወዳል። በኢትዮጵያ አብዛኛውን ጊዜ ከ1,800 ሜትር በታች ይገኛል። ረጅም በጋና ስስ አፈር ይችላል፤ ውሃ የሚተኛበት መሬት ግን አይስማማውም። ብዙ ጊዜ በሚጠቀሰው ግምት መሠረት የኢትዮጵያ የቀርከሃ ደን ወደ 1 ሚሊዮን ሄክታር ሲጠጋ፣ ከዚህ ውስጥ 850,000 ሄክታር ያህሉ የቆላ ቀርከሃ ነው። ከኢትዮጵያ ውጭም ከሴኔጋል እስከ ሱዳን፣ ወደ ደቡብም እስከ ሞዛምቢክ ይበቅላል።

አስተዳደግ

በግቢ ለማልማት ቀላሉ መንገድ ሥር ያለው አገዳ ከእናቱ ቆርጦ መትከል ነው። ለዚህ የሚመረጠው ከ1 እስከ 2 ዓመት ዕድሜ ያለው ጤናማ አገዳ ነው። አገዳው ከመሬት 1 ሜትር ያህል ቀርቶለት ላዩ ይቆረጣል፤ ከዚያም ሥሩና የመሬት ውስጥ ጉጦቹ ሳይጎዱ ተቆፍሮ ይወጣል። የሚተከለው ክረምት ሲገባ፣ ፍግ በተቀላቀለበት ጉድጓድ ነው። ሥር የሌለው የአገዳ ቁራጭ በዚህ ዝርያ ብዙ ጊዜ አይጸድቅም።

ሽመል እንደ አንዳንድ የውጭ ቀርከሃዎች ሥሩን ርቆ አይሰድም፤ ነገር ግን እግሩ በየዓመቱ ስለሚሰፋ ከግድግዳና ከቧንቧ አርቆ መትከል ይገባል። በእግርና በእግር መካከል 5 ሜትር ያህል ርቀት ይበቃል።

አዲስ ቡቃያ በክረምት ይወጣል። ቡቃያው የሚኖረውን ውፍረት ይዞ ከመሬት ይወጣል፤ ሙሉ ቁመቱንም በአንድ ወቅት ይጨርሳል። ከዚያ በኋላ አገዳው ይጠነክራል እንጂ አይወፍርም። ለሥራ የሚቆረጠው 3 ዓመትና ከዚያ በላይ የሆነው ነው። ወጣት አገዳ አረንጓዴና ለስላሳ ሲሆን፣ የበሰለው ደብዝዞ ነጠብጣብ ይታይበታል። በበጋ የተቆረጠ አገዳ የሚይዘው ስኳርና ስታርች ስለሚያንስ ነቀዝ ቶሎ አይበላውም።

ማበብና መሞት

ሽመል በሕይወቱ አንድ ጊዜ ብቻ ያብባል፤ ፍሬ ከሰጠ በኋላም እግሩ በሙሉ ይሞታል። ከአንድ ትውልድ የሆኑት ተክሎች በአንድ ሰሞን ስለሚያብቡ ሰፊ ደን በአንድ ጊዜ ሊደርቅ ይችላል። በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ይህ በአሶሳና በሌሎች ወረዳዎች ደርሷል። በሁለት አበባዎች መካከል ያለው ጊዜ ረጅም በመሆኑ ብዙ ሰው ሁኔታውን በሽታ አድርጎ ይገምተዋል።

ይሁን እንጂ የደኑ ፍጻሜ አይደለም። የወደቀው ዘር በተከታዩ ዝናብ ይበቅላል። አደጋው ያለው በዚያን ጊዜ ነው፤ የደረቀው አገዳ እሳት በቀላሉ ይይዛል፣ ከብት ችግኙን ይግጣል፣ ሞቷል የተባለውም መሬት ለእርሻ ይመነጠራል። ስለዚህ ያበበ ደን ለጥቂት ዓመታት ከእሳትና ከከብት ከተጠበቀ ራሱን ይተካል። በግቢው ያለው እግር ያበበበት ሰው ዘሩን ሰብስቦ ሳይውል ሳያድር መዝራት አለበት፤ የቆየ ዘር የመብቀል ኃይሉን ያጣል።

የተክሉ ጥቅም

አገዳው ለቤት፣ ለአጥር፣ ለጎተራ፣ ለቀፎ፣ ለአልጋና ለወንበር መሥሪያ፣ እንዲሁም ለማገዶና ለከሰል ያገለግላል። ቅጠሉ በበጋ ለከብት መኖ ይሆናል። በበርታና በሌሎች የአካባቢው ሕዝቦች ዘንድ ለጋው ቡቃያ የክረምት ምግብ ነው፤ ተልጦና ተቀቅሎ ይበላል። ጥሬ የቀርከሃ ቡቃያ መርዛማ ንጥረ ነገር ሊኖረው ስለሚችል ሳይቀቀል አይበላም።

የተጠላለፈው ሥሩ ተዳፋት አፈር እንዳይሸረሸር ይይዛል። ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብ በዚሁ ክልል በጉባ ወረዳ ስለሚገኝ፣ በዙሪያው ያለው የሽመል ደን ወደ ውሃው የሚገባውን ደለል ለመቀነስ ይረዳል።