የአጎቴ ጥሪት

በጥቅምት 2013 ዓ.ም. አጎቴና ባለቤታቸው ከደቡብ ወሎ ተነሥተው ነፋስ ስልክ እኔ ቤት መጡ። አጎቴ በኩታቸው ጫፍ የቋጠሩትን ብር ጠረጴዛው ላይ ፈቱት፤ ጢስ ጢስ ይሸታል። መንግሥት ኖቶቹን መቀየሩን ያስታወቀው መስከረም 4 ቀን ነበር። ወሬው ለእነርሱ ሲደርስ ግን ከሦስቱ የመለወጫ ወራት አንዱ አልቋል።

«በሬ እንግዛበት ስልዎት እምቢ ብለው!» አሉ ባለቤታቸው።

«በሬ ይሞታል፤ ብር አይሞት!»

«ይኸው ሊሞት ሲል አይደል እንዴ እዚህ ድረስ የመጣነው?»

እኛ የተማርነው እንዲህ ያለውን ክርክር ስንሰማ «ገበሬው የቁጠባ ባህል የለውም» ብለን እንደመድማለን። እስቲ ወደ ኋላ ሄደን እንየው። በጥቅምት 1969 ደርግ የንጉሡ ምስል ያለበትን ገንዘብ በአዲስ ኖት ሲተካ፣ የሴትዮዋ አባት በማድጋ የቀበሩትን ብር ሳይለውጡ ቀኑ አለፈባቸው። ልጃቸው ያደጉት በዚያ ወረቀት እየተጫወቱ ነው። አጎቴ ደግሞ የ1977ቱን ድርቅ አይረሱም። ከብቱ እንደ ቅጠል ረገፈ፤ የተረፈውም፣ ሁሉም ሰው ሻጭ ሆኖ እህል ሲወደድ፣ በርካሽ ተሸጠ። አባታቸው ሁለት በሬ ሸጠው የሸመቱት እህል ወር አላደረሳቸውም። እንግዲህ ሁለቱም የሚከራከሩት ከደረሰባቸው ተነሥተው ነው።

ብሩን ለወጥን። እኔም የመምህርነት አመሌ አልለቅ ብሎኝ «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብዬ ሰበክኩና ባንክ አስገባኋቸው። ዝቅተኛው የቁጠባ ወለድ ያኔ 7 በመቶ ነበር። በ2014 ዓ.ም. የዋጋ ንረቱ ከ30 በመቶ በላይ ሆነ። 100 ብር ዓመት ቆይቶ 107 ሲሆን፣ በ100 ብር ይገዛ የነበረው ዕቃ ከ130 አለፈ ማለት ነው። እንቁላሉ እግር ሳያወጣ ዋጋው ክንፍ አወጣ።

በዚያው ዓመት መጨረሻ ስደውል ሴትዮዋ፣ «ልጄ፣ ያ የበሬ ዋጋ እኮ ዛሬ ወይፈን አይገዛም» አሉኝ። ምን ልመልስ?

ገበሬው ጥሪቱን በከብት፣ በእህል፣ በቤት ቆርቆሮና በዕቁብ የሚበታትነው አባካኝ ሆኖ አይደለም፤ አንዱ ሲከዳው በሌላው ለመትረፍ ነው። ይህን ያስተማረው ደግሞ ታሪክ ነው። «ቆጥቡ» ማለት ደግ ምክር ነው። ግን መካሪው፣ የተቆጠበው ብር ዋጋውን ይዞ እንዲቆይ የማድረግም ዕዳ አለበት። እኔ ለአጎቴ ባለቤት የእኔን ድርሻ ገና አልከፈልኩም።