ደርቋል?

የእህቴ ልጅ ከሥራ ስትገባ ምሽቱ ሁለት ሰዓት አልፏል። ካፖርቷን ሳታወልቅ መኮሮኒ ትጥዳለች፤ ቀይ ሽንኩርትና ቃሪያ ትከትፋለች፤ አንድ ቆርቆሮ ቱና ከፍታ ከነዘይቱ ትገለብጥበታለች፤ ሎሚ ትጨምቅበታለች። የጾም ቀን ከሆነ ዓሣ ይበላል አይበላም የሚለው ክርክር ቤት ውስጥ ይነሳና መኮሮኒው ይቀዘቅዛል። ለነገሩ የሚበላውም ቀዝቅዞ ነው። «አየሽ አክስቴ፣ ሩብ ሰዓት!» ትለኛለች።

ምግቡ አይጠላም፤ እኔም እበላለሁ። የማይዋጥልኝ ሩብ ሰዓቱ ነው።

እኔ ያደግሁት ስማዳ ነው፣ ከወገዳ ብዙም ሳይርቅ። እናቴ ግን የእስቴ ልጅ ነበረች፤ ደገኛ፣ ከጉና ተራራ ግርጌ። አባቴ የጤፍና የማሽላ ሰው፣ እሷ የገብስ ሰው። በእኛ ቤት ድንገት እንግዳ ሲመጣ፣ ወይም ከእርሻ የተመለሰ ሰው ሲርበው፣ እሳት ሳይነድ የሚቀርብ ምግብ ሞልቶ ነበር። ድርቆሽ ከአቁማዳው ተዘግኖ ይወጣል። ታምሶ የተወቀጠ ሱፍ በውኃ ይበጠበጥና ተጠልሎ ወተት የመሰለው ነጭ ውኃ ይፈስበታል፤ ሽንኩርት፣ ቃሪያ፣ ጨው። አለቀ። ቀዝቃዛ ነው፣ ጾም ነው፣ ያጠግባል። የእህቴ ልጅ በሰዓት ብትለካው ኖሮ ሩብ ሰዓትም አይፈጅም ትል ነበር።

ድርቆሹ ግን አቁማዳው ውስጥ ብቻውን አልገባም። እንጀራው መጀመሪያ መጋገር አለበት፤ ያም ማለት ጤፉ ተነፍቶ፣ ተፈጭቶ፣ ተቦክቶ፣ ሁለት ሦስት ቀን አድሮ ነው። ከዚያ ተቆራርሶ ጀንዲ ላይ ይሰጣል። ልጆች ዶሮና ቁራ እየጠበቁ ይውላሉ፤ ጠል እንዳያገኘው ማታ ይገባል፤ በማግሥቱ ይወጣል፤ ይገለበጣል። በእጅ ሲጨብጡት ቀጭ ካላለ አልደረቀም። እናቴ ጆሮዋን አስጠግታ ነበር የምትፈትነው።

በሶው ደግሞ የባሰ ነው። ገብሱ ይለቀማል፣ ይቆላል፣ ሙቀጫ ውስጥ ይሸከሸካል፣ ገለባው ይነፈሳል፣ እንደገና ይታመሳል፣ ይፈጫል። ባለሞተር ወፍጮ ቀበሌያችን ከመድረሱ በፊት መፍጨት ማለት ዶሮ ሳይጮህ ተነሥቶ በጉልበት ተንበርክኮ መጁን መግፋት ነበር። አንድ ስልቻ በሶ የስንት ሌሊት ወገብ እንደሆነ የሚያውቀው የፈጨው ነው። የሚበላው ሰው የሚያውቀው በውኃ በጥብጦ ወይም በቅቤና በበርበሬ ለውሶ ጭብጦ ማድረጉን ብቻ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። ደገኞቹ ገለባው በቀላሉ የሚለቅ የገብስ ዘር አላቸው፤ ሰነፍ ገብስ ይሉታል፤ ቆሎውንም ሰነፍ ቆሎ። ብዙ መሸክሸክ ስለማይፈልግ ነው። ሰነፍ የተባለችው እንግዲህ ሙቀጫው አጠገብ የቆመችው ሴት መሆኗ ነው። ስሙን ያወጣው ሰው አንድ ቀን እንኳ ዘነዘና ጨብጦ እንደማያውቅ እናቴ ትምልልኝ ነበር።

ከእኔ በአራት ዓመት የሚበልጠው ወንድሜ፣ ወንድም ዓለም የምለው፣ በልጅነቱ ጋይንት ወርዶ የቆሎ ተማሪ ሆነ። በአገራችን ልጁን ለድጓ የሚያስብ ሰው ዓይኑ ቤተልሔም ላይ ነው። የጋይንት ቤተልሔም የድጓ ምስክር ቤት ናት፤ በድጓ ተመርቆ መምህር መባል የሚፈልግ ከየትም አገር ወደዚያ ይመጣል። ዝማሬና መዋሥዕት የፈለገ ደግሞ እዚያው ጋይንት ዙር አምባ ይወጣል፤ ያ ስፍራ በቅዱስ ያሬድ ስም የሚጠራ ነው። ከጎጃም፣ ከወሎ፣ ከሸዋ ደበሎ ለብሶ የሚመጣው ልጅ ሁሉ ትከሻው ላይ ያለው አኮፋዳና በውስጡ የያዘው ቆሎ ስሙ ሆኖለት ቀርቷል። በዓለም ላይ ተማሪ በምግቡ የሚጠራበት ሌላ አገር ይኖር ይሆን? ቆሎ የተባለውም የማይበላሽ፣ ማብሰያ የማይጠይቅ፣ እየተማሩ የሚቆረጠም ስለሆነ ነው።

ቆሎው ሲያልቅ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያሉ በየደጁ መቆም አለ። የተለመነው ቁራሽ ትኩሱ ይበላል፤ የተረፈው ጎጆው ጣሪያ ላይ ወይም ድንጋይ ላይ ይሰጣል። የጤፉ፣ የገብሱ፣ የማሽላው፣ የዳጉሳው ቁራሽ ተደባልቆ ደርቆ የክረምት ቀለብ ይሆናል። ወንድም ዓለም እንደሚለው አንዱን አኮፋዳ ድርቆሽ ቀምሰህ የመንደሩን ሴቶች እርሾ ሁሉ መለየት ትችላለህ።

1964 ዓ.ም. ሰኔ ላይ ለጥቂት ቀን ቤት መጥቶ ክረምቱ ሳይጠና ሊመለስ ሆነ። እናቴ አራስ ነበረች። ስንቁን እንዳዘጋጅ የታዘዝሁት የ12 ዓመቷ እኔ ነኝ። እንጀራውን ጋገርሁ፣ ቆራረስሁ፣ ሰጣሁ። ደመናው አልገፈፍ አለ። በሦስተኛው ቀን ላይ ላዩን ነካ ነካ አደረግሁና ቀጭ ሲልልኝ አቁማዳው ውስጥ ጠቅጥቄ አሰርሁት። ከሥር ያለው ግን ገና ለስላሳ ነበር። ወንድሜ በሁለተኛው ቀን ምንጭ ዳር ተቀምጦ አቁማዳውን ሲፈታ ሻጋታው አረንጓዴ አበባ መስሎ ወጣ። የቀረውን መንገድ በአንድ እፍኝ በሶ ገፋ። ለእናቴ ትንፍሽ አላለም። ለእኔም የነገረኝ በዓመቱ ነው፤ ያውም ሌላ ስንቅ አዘጋጅቼ ሳስረክበው፣ አቁማዳውን ጆሮው ላይ አድርጎ እየነቀነቀ፦ «ደርቋል ወይ እታለም?»

የአገራችንን ታሪክ የሚጽፉ ሰዎች ስለ ዘመቻ ብዙ ይላሉ፤ አቁማዳውን ግን ያልፉታል። ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ደብረ ታቦርን አቃጥለው፣ ጋፋት ላይ ያሠሩትን ወደ 7 ቶን የሚጠጋ ሴባስቶፖል መድፍ እያስጎተቱ በበጌምድር ምሥራቅ በኩል ወደ መቅደላ ሲሄዱ፣ መንገዱ በእኛ ደጋ አድርጎ በጨጨሆ ወደ ዋድላ ነበር። ፈረሰኛ በቀናት የሚጨርሰው መንገድ ስድስት ወር ግድም ፈጀ፤ ዐለቱ እየተፈለጠ፣ ገደሉ እየተደለደለ። መድፉን የጎተቱት ወንዶች ይነገርላቸዋል። ወፍጮ ድንጋይና የቡሖ ዕቃ ተሸክመው ከኋላ የተከተሉትን፣ ሠራዊቱ ባረፈበት ሁሉ ፈጭተው ጋግረው ያበሉትን ሴቶች ግን ማን ቆጠራቸው? ስንቁ ሲያልቅ ደግሞ ወታደሩ የገበሬውን ጎታ ነው የሚከፍተው። በጌምድር ያን ዘመን በዘረፋና በእሳት የተራቆተችው እንዲያ ነው።

ቆርቆሮውም ዘመቻ የወለደው መሆኑን ሳውቅ ብዙ አልገረመኝም። የፈረንሳይ መንግሥት ሠራዊቱና መርከበኛው የሚበላው ሲበላሽበት መላ ለሚያመጣ ሰው ሽልማት ገባ፤ ኒኮላ አፔር የሚባል ምግብ ሠሪ ምግቡን በጠርሙስ ዘግቶ በመቀቀል እንደማይበላሽ አሳየና በፈረንጆች 1810 12,000 ፍራንክ ተቀበለ። በዚያው ዓመት እንግሊዝ አገር የቆርቆሮው ፈቃድ ወጣ። ለምን እንደማይበላሽ ግን አፔርም አላወቀም፤ ምክንያቱን ፓስተር እስኪያስረዳ ግማሽ ምዕተ ዓመት አለፈ። እናቴም ፀሐይ ውኃውን ስትመጥ ሻጋታ ማደሪያ እንደሚያጣ በትምህርት አላወቀችም። በጆሮዋ አወቀችው።

መኮሮኒውና ፓስታው የመጡልን ከጣሊያን ጋር ነው። ደብረ ታቦር የሰፈረው የጣሊያን ጦር እስከ ሰኔ 1933 ዓ.ም. መጨረሻ ድረስ ቆይቶ ነው እጁን የሰጠ። ፓስታው ግን ተከትሎት አልወጣም። ወደ ገጠራችን ለመግባትም አልቸኮለ፤ እኔ ሴት ወይዘሮ እስክባል ድረስ ቀምሼው አላውቅም ነበር። ያገናኘን የቻይና መንገድ ነው። ከወረታ ወልድያ የሚዘልቀውን መንገድ ቻይናዎች በ1960ዎቹ መጨረሻ ጀምረው በሚቀጥሉት ዓመታት ሠሩት፤ ጋይንትን ለሁለት ሰንጥቆ አለፈ። ነፋስ መውጫ፣ እንደ ስሟ ነፋስ የማይጠፋባት ያች ከተማ፣ የመኪና ማደሪያ ሆነች። እኔ እዚያ አስተማሪ ሆኜ ስመደብ በመንገዱ ዳር ካሉት ምግብ ቤቶች በአንዱ ፓስታ አዘዝሁ። በሹካ መጠቅለሉ አልሆን ቢለኝ ባለቤቲቱ እንጀራ አመጣችልኝ። ፓስታን በእንጀራ ጠቅልዬ በላሁ። ሾፌሮቹም እንደኔ ነበር የሚበሉት፤ ብቻ እነሱ አላፈሩም።

በዚያው ዘመን የ77ቱ ረሃብ መጣ። ስለ እሱ ብዙ አልጽፍም። ድርቆሽ የሚሆን እንጀራ ሲተርፍ ነው፤ በ1977 ዓ.ም. የሚተርፍ አልነበረም። አንድ ነገር ብቻ ልበል፦ ጎታው ሲነካካ መጀመሪያ የሚጠፋው በሶ ነው፣ ምክንያቱም በሶ የሚሠራው ለነገ ነው። በኋላ በ1997 ዓ.ም. ሴፍቲኔት ሲጀመር ላይ ጋይንት፣ ታች ጋይንት፣ ስማዳና እስቴ ውስጥ ሰው እርከን እየሠራ፣ መንገድ እየጠረገ ስንዴና ዘይት ወይም ገንዘብ ይቀበል ጀመር። ስንዴው ጠላም ዳቦም ቆሎም ሆነ። የእኛ ሴቶች እጃቸው የገባውን እህል ሁሉ መጀመሪያ ቆልተው ነው የሚያዩት።

ዛሬም ጎረምሳው ለሰሊጥ አረምና አጨዳ ወደ መተማና ሑመራ ሲወርድ ከፌስታሉ ውስጥ ድርቆሽና በሶ አይጠፋም። አቁማዳው ፌስታል ሆነ እንጂ ስንቁ ያው ነው። ፌስታል ግን አይተነፍስም፤ እኔ ብሆን አላምነውም።

ባለፈው ቅዳሜ የእህቴ ልጅ መኮሮኒ አልቆባት መደርደሪያውን ስታስስ አገኘኋት። ከአልጋዬ ሥር ያስቀመጥሁትን የጨርቅ ከረጢት አወጣሁና ድርቆሽ ዘግኜ ሰጠኋት። ቱናዋን ከነዘይቱ ገለበጠችበት፣ ሽንኩርትና ቃሪያ፣ ሎሚ። ድርቆሹ ዘይቱን ጠጥቶ ረስረስ ሲል ሁለታችንም ዝም ብለን በላን። «ይሄማ ሩብ ሰዓትም አልፈጀ» አለች። ሦስት ቀን ሙሉ ሰገነቱ ላይ ከርግብ ጋር ስጣላ መክረሜን ነገርኋት።

ማታ ለወንድሜ ደወልሁለት። ዛሬ መሪጌታ ነው፤ ዓይኑ ደክሟል፣ ጆሮው ግን አለ። የእኔን ድርቆሽ ከባሕር ዓሣ ጋር መብላታችንን ነግሬው ይቆጣል ብዬ ስጠብቅ ትንሽ ዝም አለ።

«ደርቆ ነበር ወይ እታለም?» አለኝ።