የጸሐፍት ቀለምና የተነገረለት ኃይል

የጽሕፈት ቀለም በግዕዝ ማየ ሕመት ይባላል፤ ትርጓሜውም የጥላሸት ውሃ ማለት ነው። ስሙ ምንም ምሥጢር አይሰውርም። ጸሐፊው ከድስትና ከምጣድ ሥር ጥላሸት ፍቆ ይሰበስባል፤ ያረረ ገብስ ወይም ስንዴ ደቁሶ ይጨምርበታል፤ በሙጫ ያዋሕደዋል፤ በውሃም ዘፍዝፎ ብዙ ወራት እያሸ ያቆየዋል። በደረሰ ጊዜ በቀንድ ይቀዳዋል፤ የቀንዱንም ሹል ጫፍ ከአጠገቡ በመሬት ተክሎ፥ የመቃ ብዕሩን እየነከረ በብራናው ላይ ይጽፋል። ቀዩ ቀለም ለአምላክና ለቅዱሳን ስም፥ ለምዕራፍም መጀመሪያ የተለየ ነው።

እንግዲህ ከድስት ሥር የተገኘ ይህ ቀለም ደዌን ይፈውሳል፥ ጋኔንንም ያርቃል ተብሎ መታመኑ ስለ ምን ነው? ይህን ለመመርመር ከጣርማ በር የሚሻል ስፍራ በሸዋ አይገኝም። በሩ ከ3,000 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ነው። በስተ ምዕራቡ የደብረ ብርሃን ደጋ ተዘርግቷል፤ በስተ ምሥራቁ ገደሉ ወደ ደብረ ሲና፥ ከዚያም ወደ ሸዋ ሮቢትና ወደ ይፋት ቆላ ይወርዳል። የዛሬ መንገደኛ ጣሊያን በወረራው ዘመን (1928–1933 ዓ.ም.) ባስፈለፈለው ዋሻ በጥቂት ደቂቃ ያልፋል፤ የቀድሞው ግን ብርዱንና ጉሙን ታግሦ በእግሩና በበቅሎው ይሻገር ነበር። በደጋው ክርስቲያን ነገሥታት ሲገዙ፥ በቆላው የወላስማ ቤት ሱልጣኖች ገዝተዋል። ሠራዊቱ በገደሉ ሲወጣና ሲወርድ፥ ከነጋዴው ጨውና ጥጥ ጋር የጽሕፈት ልማድም አብሮ ይሻገር ነበር።

በእስላሞች የቁርኣን ትምህርት ቤት ተማሪው በጥላሸትና በሙጫ ቀለም በእንጨት ሎህ ላይ ይጽፋል፤ ቃሉን ካጠና በኋላ አጥቦ ሌላ ይጽፍበታል። ለታመመ ሰው ሲሆን ግን እጣቢው አይደፋም፤ የተጻፈው ቃል የሟሟበት ውሃ ነውና ድውዩ ይጠጣዋል። በደጋውም ደብተራው አስማተ ጸሎት ጽፎ፥ አጥቦ ማጠጣትን ያውቃል። ይህን የሚያደርግ ሰው ምስክር ቢጠየቅ ኦሪትን ሊጠቅስ ይችላል፤ በዘኍልቍ ምዕራፍ 5 ካህኑ መርገሙን በመጽሐፍ ጽፎ በመራራው ውሃ ይደመስሰዋል፥ ለተጠረጠረችውም ሴት ያጠጣታል። ቃሉ ራሱ ዝምድናውን ይመሰክራል። ክታብ ከዐረብኛው ኪታብ ጋር አንድ ሥር አለው፤ ጠልሰምም ከዐረብኛ የመጣ ነው፥ ዐረቦቹም ከጽርእ ተቀብለውታል።

ነገሩ የተቻለው በቀለሙ ጠባይ ነው። በፈረንጅ አገር ለብዙ መቶ ዓመታት የተሠራበት የብረትና የዛፍ እባጭ ቀለም ብራናውን ይነክሳል፤ አንዳንድ ጊዜም ይበላዋል። የጥላሸት ቀለም ግን በብራናው ፊት ላይ ተጣብቆ ይኖራል እንጂ ጠልቆ አይነክስም፤ ሙጫው በውሃ ሲፈታም አብሮ ይለቃል። ለመጻሕፍት ቤት ጠባቂ ጣሪያው ሲያፈስ ጥፋት የሆነው ይህ ጠባይ፥ ለድውዩ የመዳን ተስፋ ሆነ።

ልጆችዋ በአራስነት የሚሞቱባት እናት ግን በመጠጣት ብቻ አትጽናናም ነበር። ደብተራው ሁለት ሦስት ቁራጭ ብራና ሰፍቶ፥ ብዙ ጊዜ በቁመቷ ልክ፥ ጥቅልል ያዘጋጅላታል። ቅዱስ ሱስንዮስ ሕፃናትን የምትገድለውን ውርዝልያን የወጋበትን ታሪክ ይጽፍበታል፤ አፍጥጠው የሚያዩ ዓይኖችን ይሥልበታል፤ ክርስትና ስሟንም በቀይ ቀለም ያገባበታል። እርስዋም በቆዳ አሰፍታ በአንገቷ ታስረዋለች። ሐኪም በሌለበት አገር ይህን የያዘችውን ሴት ማን ይፈርድባታል?

የፈረደስ ነበረ። ደብረ ብርሃንን የቈረቈረው ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ (1426–1460 ዓ.ም.) ጠንቋዮችንና አስማተኞችን አጥብቆ አሳደደ፤ መጽሐፈ ብርሃን በተባለውም ድርሰቱ ነቀፋቸው። ደስክንና ዲኖን አመለኩ ተብለው የተከሰሱት የገዛ ልጆቹ ሳይቀሩ ተቀጥተው እንደ ሞቱ ዜና መዋዕሉ ይናገራል። ያው ዜና መዋዕል ደግሞ ንጉሡ ሕዝቡን በግንባራቸው የሥላሴን ስም፥ በእጃቸውም ሰይጣንንና ደስክን የካዱበትን ቃል እንዲጽፉ ማዘዙን ይተርካል። ክታብን ለማጥፋት የተነሣው ንጉሥ የሰውን ገላ ክታብ አደረገው ቢባል ሐሰት አይሆንም። ቀለሙ ይጠብቃል የሚለውን እምነት አልነቀለም፤ ማን እንደሚያዝበት ብቻ ለወጠ።

ስለዚህም ጥቅልሉ ከንጉሡ በኋላ ብዙ መቶ ዓመት ኖረ። በ1924 እና በ1925 ዓ.ም. በማርሴል ግሪዮል የሚመራው የፈረንሳይ ጉባኤ በጎንደር በተቀመጠ ጊዜ ከብራና መጻሕፍት ጋር ብዙ ክታብ ሰበሰበ፤ እነዚያም በፓሪስ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ተቀምጠዋል። በልዩ ልዩ አገር ቤተ መጻሕፍት ካሉት ጥቅልሎች በአንዳንዶቹ ላይ የፊተኛው ባለቤት ስም ተፍቆ የሌላ ሰው ስም ተተክቶበታል። ያው የሱስንዮስ ጸሎት፥ ያው አፍጥጦ የሚያየው ዓይን፥ ከአንዲት ወለተ ማርያም ወደ አንዲት ወለተ ሥላሴ ይተላለፋል። አንዳንድ ጊዜም ከአዲሱ ቀይ ስም ሥር የአሮጌው ፊደል ርዝራዥ ይታያል።