አፉን በአማርኛ የፈታው የዓለም ድምፃዊ፦ የአቤል መኮንን ተስፋዬ ታሪክ



በቤታችሁ ወጣት ልጅ ካለ፣ በስልኩ ከሚያደምጣቸው ዘፈኖች መካከል «ዘ ዊክንድ» በሚል የመድረክ ስም የሚታወቀው ካናዳዊ ድምፃዊ ያቀነቀነው አንዱ መሆኑ አይቀርም። ለወላጅ ጆሮ ነገሩ ሁሉ የባዕድ ጫጫታ ሊመስል ይችላል። ዘፋኙ ግን አፉን የፈታው በአማርኛ ነው። ያሳደጉትም እንደ እናንተ አገር ለቀው የወጡ ሰዎች ናቸው።

በቅርቡ ወደ ክፋር ዮናና ወደ ናታንያ አካባቢ ለገባችሁ ቤተሰቦች የዚህን ሰው ታሪክ የመረጥንላችሁ ስለ ዝናውና ስለ ሀብቱ ብለን አይደለም። አዲስ ገቢ ወላጆች ደጋግመው የሚጠይቁን አንድ ጥያቄ አለ። «ልጄ ዕብራይስጥ ቶሎ እንዲለምድ በቤት ውስጥ በአገሬ ቋንቋ መናገሬን ልተው ወይ?» ይላሉ። የአቤልን ሕይወት ከመጀመሪያው ብትከታተሉት ለዚህ ጥያቄ የሚሆን መልስ ታገኙበታላችሁ። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመቶች ሁሉ እዚህ አገር በሚሠራበት አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

አቤል የተወለደው በቶሮንቶ ከተማ ፌብሩዋሪ 16 ቀን 1990 ነው። ወላጆቹ ከኢትዮጵያ ወጥተው ካናዳ የገቡት በ1980ዎቹ መጨረሻ ነበር። ያ ዘመን ምን ዓይነት እንደነበር ታላላቆቻችን ያስታውሱታል። የደርግ አገዛዝ፣ የሰሜኑ ጦርነትና የ1984ቱ ረሃብ ብዙውን ሰው ከቀዬው ነቅለውታል። የእኛ ማኅበረሰብ በሱዳን በኩል በእግሩ ተጉዞ በ1984 እና በ1985 በዘመቻ ሙሴ፣ ኋላም በሜይ 1991 በዘመቻ ሰሎሞን ወደ እስራኤል ሲገባ፣ ሌላው ኢትዮጵያዊ ደግሞ በዋሽንግተን፣ በሮምና በቶሮንቶ ተበትኗል። በዘመቻ ሰሎሞን ብቻ ከ14,000 በላይ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ተጓጉዟል። በዚያን ቀን እናቶቻቸው አዝለዋቸው ከአውሮፕላን የወረዱት ሕፃናት የአቤል እኩዮች ናቸው። የአንድ ዘመን ልጆች ናቸው፤ ያረፉበት አገር ነው የተለያየው።

አቤል ያደገው በቶሮንቶ ምሥራቃዊ ክፍል፣ ስካርቦሮ በሚባለው ሰፈር ነው። ሰፈሩ ከልዩ ልዩ አገር የመጡ ስደተኞች የሚኖሩበት ነው። አባቱ ገና በሕፃንነቱ ከቤት ስለተለዩ ያደገው ከእናቱና ከሴት አያቱ ጋር ነበር። እናቱ ነርስነትንና የምግብ ዝግጅትን ጨምሮ የተለያዩ ሥራዎችን እየሠሩ ቤቱን ያስተዳድሩ ነበር። እናት ለሥራ ሲወጡ ልጁን የሚይዙት አያቱ ናቸው። አማርኛውም ከዚያ መጣ።

እዚህ ላይ ቆም ብላችሁ አንድ ነገር አስተውሉ። ይህ ልጅ የተማረው በፈረንሳይኛ በሚያስተምር ትምህርት ቤት ነበር። በመንገድና ከጓደኞቹ ጋር የሚነጋገረው በእንግሊዝኛ ነው። በቤት ደግሞ አማርኛ አለ። ሦስት ቋንቋ በአንድ ልጅ አፍ ውስጥ ሲገቡ አንዱ ሌላውን አላባረረውም። በመምህራን ማሠልጠኛ ከምንማራቸው ነገሮች አንዱም ይኸው ነው፤ ልጅ የአፍ መፍቻ ቋንቋው በጠነከረ መጠን ሁለተኛውን የሚያስርበት መሠረት ያገኛል። በአማርኛ ወይም በትግርኛ ተረት ሰምቶ መልሶ መናገር የሚችል ልጅ፣ ያንኑ ችሎታ ይዞ ወደ ዕብራይስጥ ይሻገራል።

ከቋንቋው ጋር ዜማው ገባ። አቤል በልጅነቱ ቤተሰቡ ቡና እየጠጣ የአስቴር አወቀን፣ የማሕሙድ አሕመድን፣ የጥላሁን ገሠሠንና የሙላቱ አስታጥቄን ሙዚቃ ያደምጥ እንደነበር በተለያዩ ቃለ ምልልሶች ተናግሯል። ከመካከላችሁ ከጎንደር የመጣችሁ አስቴርን የከተማችሁ ልጅ ብላችሁ ታውቋታላችሁ። አስቴር በ1981 ወደ አሜሪካ ተሻግራ፣ በዋሽንግተን የኢትዮጵያውያን ምግብ ቤቶች እየዘፈነች ስሟን እንደገና የገነባች ሴት ናት። እንግዲህ በጎንደር የተወለደች ስደተኛ በዋሽንግተን የዘፈነችው ዜማ፣ በቶሮንቶ አንድ ሳሎን ውስጥ ለተቀመጠ ሕፃን ትምህርት ቤት ሆነ ማለት ነው።

ያ ዜማ ምን ሰጠው? የአገራችን ዘፈን ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺ ሆዬ በሚባሉት ቅኝቶች የሚሄድ ነው። ዘፋኙ ቃሉን ከጨረሰ በኋላ እንኳ ድምፁን ያስረዝማል፣ ያንቀጠቅጣል፣ ያንጎራጉራል። ቃሉ ያልገባው ሰው እንኳ ኀዘኑ ይገባዋል። አቤልም በድምፁ ውስጥ ያለው ስሜት ኢትዮጵያዊ መሆኑን፣ ይህም ከአዘፋፈን ሥልጠና ሁሉ እንደሚበልጥበት ተናግሯል። የሙዚቃ ሰዎች ማይክል ጃክሰንን ያስታውሰናል የሚሉት ድምፅ፣ በሥሩ የአያት ቤት እንጉርጉሮ አለበት።

ነገር ግን ታሪኩ ሁሉ ማር አይደለም፤ ይህንንም ልንደብቃችሁ አንፈልግም። አቤል በ17 ዓመቱ ትምህርቱን አቋረጠ፤ በአንድ የሳምንት መጨረሻም ከእናቱ ቤት ወጥቶ ሳይመለስ ቀረ። እንደ ራሱ አባባል «ዘ ዊክንድ» የሚለው ስም የመጣው ከዚያ ነው፤ በእንግሊዝኛ አጻጻፉ አንድ ፊደል የጎደለውም ያንኑ ስም የያዘ ሌላ የካናዳ የሙዚቃ ቡድን ስለነበረ ነው። ከዚያ በኋላ ፓርክዴል በሚባል ሰፈር ከጓደኞቹ ጋር በኪራይ ቤት ኖረ። ዕፅ ወሰደ፤ ማደሪያ ያጣበትም ጊዜ ነበር። ይህን ሁሉ እሱ ራሱ ለጋዜጠኞች ተናግሯል።

ልጃችሁ «እሱስ ትምህርት አቋርጦ አይደለም ወይ ሀብታም የሆነው?» ብሎ ቢከራከራችሁ መልሱ ቀላል ነው። በቶሮንቶም፣ በናታንያም፣ በአዲስ አበባም ትምህርት አቋርጠው የወጡ ልጆች ብዙ ናቸው፤ ስማቸውን ግን ማንም አያውቀውም። አቤልን ያወጣው ትምህርት ቤቱን መተዉ አይደለም። ከቤት ሲወጣ ይዞት የወጣው ድምፅ ነው፤ ያ ድምፅ ደግሞ የተሠራው ከመውጣቱ በፊት ነው።

በ2010 መጨረሻ ሦስት ዘፈኖችን ፊቱን ሳያሳይ በዩቲዩብ ላይ አወጣ። አድማጮች ዘፋኙ አንድ ሰው ይሁን ቡድን አያውቁም ነበር። በዚያን ጊዜ በአንድ የልብስ መደብር ተቀጥሮ ልብስ ያጣጥፍ ነበር፤ ባልደረቦቹ የእሱን ዘፈን ከፍተው ሲያደምጡ ዘፋኙ አጠገባቸው መቆሙን አላወቁም። የቶሮንቶው ዝነኛ ድሬክ ዘፈኖቹን ለአድማጮቹ አስተዋወቀለት። በማርች 2011 «ሃውስ ኦቭ ባሉንስ» የተባለውን የመጀመሪያ ስብስቡን በነፃ አሠራጨ፤ በዚያው ዓመት ሁለት ሌሎች ጨመረበት። በ2012 ከታላቅ የሙዚቃ ኩባንያ ጋር ተፈራረመ።

በ2015 ባወጣው አልበም ውስጥ ያሉ ሁለት ዘፈኖች፣ የዘፈኖችን ደረጃ በሚያወጣው በአሜሪካው ቢልቦርድ መጽሔት የአንደኝነትን ቦታ ያዙ። ከሁለቱ አንዱ «ዘ ሂልስ» ይባላል። ይህ ዘፈን ወደ ማብቂያው ሲደርስ በአማርኛ የተነገሩ የፍቅር ቃላት ይሰማሉ። በሚሊዮን የሚቆጠሩ ሰዎች ትርጉሙን ሳያውቁ ያንን አማርኛ ሰምተዋል። በቀጣዩ ዓመት በ2016 «ስታርቦይ» የተባለው አልበም ሲወጣ፣ «ፎልስ አላርም» በሚለው ዘፈን ውስጥ የአስቴር አወቀን ድምፅ አስገባ። በሳሎን ያሳደገችውን ድምፅ ይዟት ወደ ዓለም መድረክ ወጣ ብንል ማጋነን አይሆንም።

ከዚያ ወዲህ ያለው ዝነኛ ነው። በኖቬምበር 2019 «ብላይንዲንግ ላይትስ» የተባለውን ዘፈን አወጣ፤ ቢልቦርድም በ2021 ከ1958 ጀምሮ በሠንጠረዡ ከወጡት ዘፈኖች ሁሉ የመጀመሪያውን ደረጃ ሰጠው። ፌብሩዋሪ 7 ቀን 2021 በአሜሪካ ታላቁ የእግር ኳስ ፍጻሜ፣ ሱፐር ቦውል በሚባለው፣ በዕረፍት ሰዓት በፍሎሪዳዋ ታምፓ ከተማ ዘፈነ። አራት የግራሚ ሽልማቶችንም አግኝቷል።

አሁን ስለ ስሙ አንድ ነገር እንበል፤ ነገሩ እናንተንም ይነካልና። አቤል የራሱ ስም፣ መኮንን የአባቱ፣ ተስፋዬ የአያቱ ስም ነው። በአገራችን ልማድ «አቤል መኮንን» ተብሎ ይጠራ ነበር። በካናዳ ግን የአያት ስም የቤተሰብ ስም ሆኖ ቀረ። እዚህም እንደዚያው ነው፤ መታወቂያ ስታወጡ የአያታችሁ ስም የቤተሰብ ስም ተብሎ ይመዘገባል። በ1980ዎቹ ወደ እስራኤል ለገቡ ብዙ ልጆች ደግሞ በትምህርት ቤትና በየቢሮው አዲስ የዕብራይስጥ ስም ይሰጣቸው ነበር። ካደጉ በኋላ ወላጆቻቸው ወዳወጡላቸው ስም የተመለሱ ጥቂት አይደሉም። አቤልም በመድረክ ስሙ ዓለም ካወቀው በኋላ፣ በ2023 በማኅበራዊ መገናኛ ገጾቹ ላይ ስሙን «አቤል ተስፋዬ» ብሎ ለወጠው። በጃንዋሪ 2025 አዲስ አልበም ባወጣበት ወቅትም የመድረክ ስሙን የመተው ሐሳብ እንዳለው ተናገረ። ሰው ብዙ ከሄደ በኋላ እናቱ ወደ ጠራችው ስም ይመለሳል።

ገንዘቡን በምን እንዳዋለውም ማወቅ ይጠቅማል። በ2016 የቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የግዕዝ ትምህርት ለመጀመር እርዳታ ሲፈልግ አቤል 50,000 ዶላር ሰጠ። በኢትዮጵያ ጦርነት በነበረበት በ2021 ለተራቡት ምግብ እንዲደርስ ለዓለም የምግብ ፕሮግራም 1 ሚሊዮን ዶላር ለገሠ፤ በዚያው ዓመትም የድርጅቱ የበጎ ፈቃድ አምባሳደር ሆነ።

ከሁለቱ ልግስናዎች የግዕዙ በተለይ ወደ እኛ ቤት ይመጣል። የአቤል ቤተሰብ የኦርቶዶክስ እምነት ተከታይ ነው፤ የእኛ እምነት ሌላ ነው። ግዕዝ ግን የቄሶቻችን የጸሎት ቋንቋ፣ የኦሪታችንም ቋንቋ ነው። በኢየሩሳሌም በሲግድ ቀን ቄሶቻችን ኦሪትን የሚያነቡት በዚሁ ቋንቋ ነው። ሲግድ በ2008 በሕግ የእስራኤል ብሔራዊ በዓል ሆኗል። ቋንቋውን የሚያውቁ ሽማግሌዎች ግን ከዓመት ዓመት እያነሱ ነው። በካናዳ ተወልዶ ያደገ ዘፋኝ ግዕዝ እንዳይጠፋ ገንዘብ ካወጣ፣ ቄሱ በጎረቤቱ ያሉለት ቤተሰብ ልጁን ወስዶ አጠገባቸው ቢያስቀምጠው ምንም ወጪ የለውም።

በዚህ አገር ያደጉ ልጆቻችንም ተመሳሳይ መንገድ ጀምረዋል። በስዴሮት ያደገችው ሐጊት ያሶ በ2011 «ኮኻቭ ኖላድ» የተባለውን የቴሌቪዥን የዘፈን ውድድር አሸነፈች። በኢየሩሳሌም በ2000 የተወለደችው ኤደን አለነ በ2020 ለዩሮቪዥን ውድድር የተመረጠላት «ፍቅር ልቤ» የተሰኘው ዘፈን የአማርኛ ቃላት ነበሩበት። ያ ውድድር በኮሮና ምክንያት ቢሰረዝም፣ በ2021 በሮተርዳም እስራኤልን ወክላ ለፍጻሜ ደረሰች። እስራኤልን በዚያ መድረክ የወከለች የመጀመሪያዋ ኢትዮጵያዊት የዘር ሐረግ ያላት ዘፋኝ እሷ ናት።

ውድ ወላጆች፤ ልጆቻችሁ ሁሉ ዘፋኝ ይሆናሉ እያልን አይደለም፤ አብዛኞቹ አይሆኑም። ነርስ፣ ሹፌር፣ መሐንዲስ፣ አስተማሪ ይሆናሉ። የአቤል ታሪክ የሚነግረን ሌላ ነገር ነው። አያቱ የዘፈን ትምህርት አልሰጡትም፤ አማርኛ ነው ያናገሩት። ቡና እየተጠጣ ሙዚቃ ተከፈተለት። ይህ ሁሉ በድካም ከሥራ ለሚገባ ወላጅና በቤት ለዋለች አያት የሚቻል ነገር ነው።

ስለዚህ ዕብራይስጡን ለጋኑና ለትምህርት ቤቱ ተዉላቸው፤ እነሱ አያጎድሉበትም። የእናንተን ድርሻ ግን ሌላ ሰው ሊሠራላችሁ አይችልም። ልጁ በዕብራይስጥ ቢመልስላችሁም እናንተ በአማርኛ ቀጥሉ። አያት ካሉ ተረቱን ያውሩለት። ስሙ ምን ማለት እንደሆነ፣ ማን እንዳወጣለትም ንገሩት። ዛሬ የማይሰማ መስሎ ስልኩን የሚነካካው ልጅ፣ ጆሮው ክፍት ነው። የሰማው ነገር መቼና የት እንደሚያስፈልገው እናንተም እሱም ዛሬ ልታውቁት አትችሉም።

ቸር ያሰንብተን።